የሚያውቀው ሌላ፣ የሚያዝዘው ሌላ፦ የሚጌል ዴሊቤስ ገጠር

ሚጌል ዴሊቤስ ገበሬ አልነበረም። በ1920 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በስፔን ባያዶሊድ ከተማ ተወለደ፤ በ2010 እዚያው ሞተ። የንግድ ትምህርት ቤት መምህር፣ ካርቱን ሣይ፣ ጋዜጠኛ፣ የሰባት ልጆች አባት ነበር። የካስቲያን ገጠር ያወቀው ጠመንጃ ይዞ ቆቅ ፍለጋ ሲዞር ነው። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ሽርሽር የወጣ ሰው መልክዓ ምድሩን አድንቆ ይመለሳል፤ አዳኝ ግን ነፋሱ ከወዴት እንደሚመጣ፣ ወፏ የት እንደምታድር ማወቅ አለበት፤ ካላወቀም የአካባቢውን ሰው መጠየቅ አለበት። በዴሊቤስ ልቦለዶች ውስጥ የባላገሩ እውቀት ያን ያህል ክብደት ያገኘው ከዚህ የተነሣ ይመስለኛል። የዚህ እውቀት ባለቤቶች ግን በገዛ ኑሯቸው ላይ እንኳ የመወሰን ሥልጣን የላቸውም።

በ1962 የወጣው «አይጦቹ» ይህን ከሁሉ በፊት በግልጽ ያሳየ ነው። ዴሊቤስ ያን ጊዜ የ«ኤል ኖርቴ ደ ካስቲያ» ጋዜጣ ዋና አዘጋጅ ነበር። ጋዜጣው ስለ ካስቲያ ገበሬ ችግር በጻፈ ቁጥር የስፔኑ አምባገነን የፍራንኮ ሳንሱር ይጫነው ነበር፤ በ1963 ዴሊቤስ ሥራውን ለቀቀ። በጋዜጣ እንዳይናገር የተከለከለውን በልቦለድ እንደተናገረ እሱ ራሱ ገልጿል። የመጽሐፉ ዋና ገጸ ባሕርይ ኒኒ የሚባል ልጅ ነው፤ የወንዝ አይጥ አድኖ ከሚተዳደር አባቱ ጋር በዋሻ ይኖራል። ዝናብ መቼ እንደሚመጣ፣ ውርጭ መቼ እንደሚጥል የመንደሩ ሰው የሚጠይቀው እሱን ነው። ዘመኑ የሚቆጠረው በቅዱሳን በዓላት ነው፤ ቀጠሮውን «ለሚካኤል»፣ «ለጊዮርጊስ» እያለ ለሚይዝ የእኛ አንባቢ ይህ ማብራሪያ አያሻውም። አገረ ገዥው ግን በዋሻ የሚኖር ሰው መኖሩ አሳፍሮታልና ዋሻው እንዲዘጋ ይፈልጋል። የሚበሉት አይጥ ስለመሆኑ፣ አዝመራውን በረዶ ስለመምታቱ ደንታ የለውም። ታሪኩ በመጨረሻ ነፍስ ወደ ማጥፋት ሲያመራ፣ ጠቡ የሚነሣው በሁለት ድሆች መካከል፣ ለዚያው ለአይጥ ነው። ዴሊቤስን የገጠር ናፋቂ ብቻ አድርገው የሚያዩ አንባቢዎች ይህን መጽሐፍ እንዴት እንዳለፉት ይገርመኛል።

ለዚያ አስተያየት መነሻ አልጠፋም። በ1950 የወጣው «መንገዱ» ለትምህርት ወደ ከተማ ሊላክ አንዲት ሌሊት የቀረችውን የዳንኤልን ትዝታ ይተርካል፤ ልጁ ከመንደሩ መውጣት አይፈልግም። ዴሊቤስም አጥባቂ ካቶሊክ ነበር፤ በእርስ በርስ ጦርነቱ በፍራንኮ ወገን የባሕር ኃይል በፈቃደኝነት ዘምቷል። ወደ ስፔን ንጉሣዊ አካዳሚ ሲገባ በ1975 ያደረገው ንግግርም ተፈጥሮን የሚያወድም እድገትን የሚነቅፍ ነበር። በእኔ እምነት ናፍቆቱ የሚያሳስተው አንድ ቦታ ብቻ ነው፤ በ1978 በታተመው «የተሻሙበት የአቶ ካዮ ድምፅ»። የምርጫ ቅስቀሳ የወጣ ቪክቶር የተባለ ፖለቲከኛ ሰው አልባ ሊሆን በተቃረበ መንደር አዛውንቱን ካዮን ያገኛል። ካዮ ንቡንም ቅጠሉንም ያውቃል፤ ከፖለቲከኞቹ የሚፈልገው ነገር የለም። ይህ ክፍል ግሩም ነው። ቪክቶር ሰክሮ የነገሩን ትርጉም መለፍለፍ ሲጀምር ግን ደራሲው አንባቢውን አላመነም ያሰኛል።

ሦስት ዓመት ቆይቶ የወጣው «ንጹሐን ቅዱሳን» ከዚህ ድክመት ነጻ ነው። ቦታው በኤክስትሬማዱራ የሚገኝ የባላባት ርስት ነው። ሎሌው ፓኮ አፍንጫውን መሬት ላይ ደፍቶ የቆሰለች ቆቅ የሄደችበትን ያነፈንፋል፤ ጌታው ኢባን በዚህ ችሎታ በእንግዶቹ ፊት ይኩራራል። ፓኮ ከዛፍ ወድቆ እግሩን ሲሰብር የኢባን ጭንቀት የአደኑ ወቅት እንዳያልፍበት ነው። እውቀቱ እዚህ የጌታው ንብረት ሆኗል። መጽሐፉ በስድስት ክፍሎች የተከፈለ ሲሆን፣ በእያንዳንዱ ክፍል አራት ነጥብ የሚመጣው መጨረሻው ላይ ብቻ ነው። ትእዛዝና መልስ፣ የጌታ ቃልና የሎሌ ቃል በአንድ ዓረፍተ ነገር ተያይዘው ይፈሳሉ። ይህን ለአጻጻፍ ብልኃት ብቻ ብሎ ማለፍ አይገባም፤ ሎሌው ከጌታው ፈቃድ ተነጥሎ የሚተነፍስበት ቦታ እንደሌለው አንባቢው በራሱ ትንፋሽ ይረዳዋል።

አእምሮው እንደ ሕፃን የሆነው አዛሪያስ ያለመዳትን ወፍ ኢባን በብስጭት ተኩሶ ይገድላታል። አዛሪያስም ለአደኑ ሊያገለግል ዛፍ ላይ እንደወጣ፣ በያዘው ገመድ ጌታውን ያንቀዋል። ማሪዮ ካሙስ በ1984 በሠራው ፊልም ተዋንያኑ አልፍሬዶ ላንዳና ፍራንሲስኮ ራባል በካን የምርጥ ተዋናይነትን ሽልማት ተጋርተዋል፤ ይገባቸዋልም። ፊልሙ ግን ታሪኩን ወደ ኋላ እያየ ሲተርክ የፓኮ ልጆች ከርስቱ ወጥተው ሌላ ሕይወት እንደጀመሩ ያሳያል። ልቦለዱ ይህን እፎይታ አይሰጥም። ከግድያው በኋላ ማን እንደተቀጣ፣ ማን ነጻ እንደወጣ ሳይነግረን ያቆማል፤ እኔ የምመርጠውም ይህንኑ የመጽሐፉን ጭካኔ ነው።