ድንኳኑ ሳይፈርስ

«ዊ አር ማርሻል» የተባለውን ፊልም ለሦስተኛ ጊዜ ያየሁት ከእናቴ ጋር ነው። እንግሊዝኛው አይገባትም። እየተረጎምኩላት፣ መተርጎሙ ሲሰለቸኝም እየዘለልኩባት፣ ሶፋው ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠናል። አጋማሹ ላይ አዲሱ አሠልጣኝ ልጆቹን ሰብስቦ ልምምድ ሲያስጀምር ጋቢዋን ሰብሰብ አድርጋ ወደ እኔ ዞረች።

«ቆይ እስቲ፣ እነዚያ ልጆች ከሞቱ ስንት ጊዜያቸው ነው?»

«ጥቂት ወር።»

«እንዴ! ድንኳኑ ሳይፈርስ ነው እንዴ ኳስ የሚጫወቱት?»

ፊልሙም ይህንኑ ይጠይቃል። የእናቴን ያህል ግን አጥብቆ አይጠይቅም፤ የእኔም ጠብ እዚህ ላይ ነው።

ታሪኩን ለማያውቅ ባጭሩ ልንገር (ዓመቶቹን እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ሀንቲንግተን በዌስት ቨርጂኒያ ግዛት፣ ኦሃዮ ወንዝ ዳር ያለች፣ በዚያን ጊዜ ወደ 74 ሺህ ሰው የሚኖርባት ከተማ ነች። ኖቬምበር 14 ቀን 1970፣ ቅዳሜ፣ የከተማዋ የማርሻል ዩኒቨርሲቲ የፉትቦል ቡድን ኖርዝ ካሮላይና ድረስ ሄዶ በኢስት ካሮላይና 17 ለ 14 ተሸነፈ። ማታ ቡድኑን ይዞ የሚመለሰው የኪራይ ዲሲ-9 አውሮፕላን፣ ሊያርፍ ጥቂት ሲቀረው፣ ከማረፊያው አጠገብ ካለ ኮረብታ ጋር ተጋጨ። አየሩ መጥፎ ነበር፤ አብራሪዎቹ መንደርደሪያውን ሳያዩ ከሚፈቀደው ከፍታ በታች ወርደው ነበር። ከ75ቱ ተሳፋሪዎች አንድም አልተረፈም። 37ቱ ተጫዋቾች ነበሩ። የቀሩት አሠልጣኞችና የበረራ ሠራተኞች፣ እንዲሁም ከቡድኑ ጋር የተጓዙ የከተማዋ የታወቁ ደጋፊዎች ናቸው፤ ከእነዚህም ከነሚስቶቻቸው የሄዱ ነበሩ። 70 ልጆች ቢያንስ አንድ ወላጃቸውን አጡ፤ 18ቱ እናትም አባትም አልቀረላቸውም።

ፉትቦል ስል መቼም የእኛን እግር ኳስ ማለቴ አይደለም። ኳሷ እንቁላል የምትመስለውን፣ እግር ብዙም የማይነካትን፣ ራስ ቁር አጥልቀው የሚጋጩበትን ነው። የኮሌጅ ውድድር የመኸር ወራት ነገር ነው፤ ማርሻል በ1971 የተጫወተው አሥር ግጥሚያ ብቻ ነው። አሥር ቅዳሜ ማለት ነው። በትንሽ ከተማ ግን እነዚያ ቅዳሜዎች ሕዝቡ የሚገናኝባቸው፣ ማን ታመመ ማን አገባ የሚባባልባቸው ቀኖች ናቸው። የኮሌጅ ቡድን እንደ ዕድር ነው ብል ብዙ የተጋነንኩ አይመስለኝም። እንግዲህ ዕድሩ ራሱ ሲሞት ማን ይቀብረዋል?

ፊልሙ በ2006 ወጣ፤ አዘጋጁ ማክጂ ነው። መጀመሪያ የሚመሰገንበትን ልናገር። አደጋውን አያሳይም። አውሮፕላኑ ውስጥ ልጆቹ ይጫወታሉ፣ ይሳሳቃሉ፣ ከዚያ ድንገት ስክሪኑ ይጨልማል። ፍንዳታ የለም፣ ጩኸት የለም። ስለ ሌላው ነገር ሁሉ ሙዚቃ የሚያበዛ አዘጋጅ እዚህ ላይ ዝም ማለቱን አደንቅለታለሁ። እናቴ እንኳ «ጠፋ እንዴ?» ብላ ሪሞቱን ፈለገች።

ማቲው ፎክስ ሬድ ዳውሰንን ሆኖ ሲጫወትም ጥሩ ነው። ዳውሰን በእውነትም የነበረ ረዳት አሠልጣኝ ነው፤ ያን ቀን ለተጫዋች ምልመላ በመኪና ተጉዞ ስለነበር ተረፈ። ፎክስ ሰውየውን የሚያሳየው በትከሻው ነው። ባዕድ ነገር የተሸከመ ይመስል ትከሻው ወደ ታች ወርዶ ይቀራል፤ ሲስቅም አይነሣም። ማቲው ማኮናሄ ደግሞ አዲሱን አሠልጣኝ ጃክ ሌንጀልን ሆኖ አንገቱን ዘንበል፣ ወገቡን ጎበጥ አድርጎ እየተራመደ በአፉ ጥግ ያወራል። አንዳንዴ ያስቃል፣ አንዳንዴ ያበዛዋል። ሌንጀል ከዉስተር ኮሌጅ የመጣ ሰው ነው። ከእሱ በፊት ሥራውን የተቀበለ ሌላ አሠልጣኝ በጥቂት ቀን ውስጥ ትቶ ሄዷል፤ ማን ይፈርድበታል?

ቡድን የሚሠራበት ክፍል ደስ ይላል። በዚያን ጊዜ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ በዋናው ቡድን እንዲሰለፍ ሕጉ አይፈቅድም ነበር፤ ለማርሻል ተፈቀደ። የእኛን ዓይነት እግር ኳስ የሚጫወት ልጅ ተጠርቶ ኳስ መቺ ሆነ። ብዙ ያልሠለጠነ ልጅ ሊይዘው የሚችል አጨዋወት ሲፈልጉም የጎረቤቱ የዌስት ቨርጂኒያ ዩኒቨርሲቲ አሠልጣኝ ቦቢ ባውደን ደብተሩን ከፍቶ አስተማራቸው። «ቪር» ይሉታል። መሪው ኳሱን ይዞ አንድ ተከላካይ ወዴት እንደሚሄድ ዓይን ዓይኑን ያያል፤ ተከላካዩ ወደ እሱ ከመጣ ለጓደኛው ይሰጣል፣ ወደ ጓደኛው ከሄደ ራሱ ይሮጣል። ጉልበት ያነሰው በማየት የሚያካክስበት ዘዴ ነው። ተቀናቃኝ ለተቀናቃኝ ምሥጢሩን ሲሰጥ ማየት ከፊልሙ ንግግሮች ሁሉ ይበልጥ ልቤን ነካኝ። ባለሙያ ለባለሙያ እንዲህ ነው የሚያለቅሰው።

አሁን ወደ ጠቤ።

ቡድኑ ይቀጥል ወይስ ይብቃ በሚለው ክርክር «ይብቃ» የሚለውን ወገን ፊልሙ ለአንድ ሰው ያሸክመዋል፤ ፖል ግሪፈን ለሚባል፣ ልጁን ላጣ አባት። ሰውየው በእውነቱ ዓለም የለም፣ የደራሲ ፈጠራ ነው። መፍጠሩ አይደለም የከፋኝ። የከፋኝ ፊልሙ ግሪፈንን እንደ በሽተኛ ማየቱ ነው። ሐዘኑ ይዞት የቀረ፣ ሊድን የሚገባው፣ ቡድኑ ሲነሣ አብሮ የሚነሣ። ክርክሩን አንዴ እንኳ እንደ ክርክር አይሰማለትም። ተማሪዎቹ ግን ከስብሰባው አዳራሽ ውጭ ተሰልፈው በአንድ ድምፅ ሲጮሁ ካሜራው ከእነሱ ጋር ያብጣል፣ ሙዚቃው ይከተላል። አንድ አባት ለብቻው፣ አንድ ሺህ ወጣት ከነኦርኬስትራው! ይህ ፍርድ ቤት ቢሆን ይግባኝ ይባልበት ነበር።

ደግነቱ ግሪፈንን የሚጫወተው ኢያን ማክሼን ነው። ዳይሬክተሩ ያላሰበለትን ክብር በፊቱ ብቻ ያመጣለታል። እናቴ ከተዋናዮቹ ሁሉ ያመነችው እሱን ነው። «ይሄ ሰውዬ ሐዘን ያውቃል» አለች። ቃላቱን እንኳ አልተረጎምኩላትም ነበር።

እሷም ታውቃለች። ወንድሟ ወታደር ነበር፣ ከሰሜን አልተመለሰም። መርዶው የመጣው ከዓመታት በኋላ ነው፤ ሬሳ የለ፣ መቃብር የለ፣ ፎቶግራፉን ጠረጴዛ ላይ አቁመው አለቀሱለት። ስለዚህ ወደ መካነ መቃብሩ ትዕይንት ስንደርስ እኔ ፊልሙን ሳይሆን እሷን ነበር የማየው።

ከአደጋው በኋላ ማንነታቸው ያልተለየ ስድስት ተጫዋቾች በሀንቲንግተን ስፕሪንግ ሂል መካነ መቃብር ጎን ለጎን ተቀበሩ። ይህ እውነት ነው። ፊልሙ ውስጥ ሌንጀል ከግጥሚያ በፊት አዲሶቹን ልጆች እዚያ ይወስዳቸውና ስለ ስድስቱ ይነግራቸዋል፤ ቀብሩ ዛሬ እንደሚያበቃም ያውጅላቸዋል። ማኮናሄ እዚህ ጋ ቀልዱን ትቶ ጥሩ ይናገራል። እኔም መጀመሪያ ያየሁት ጊዜ አልቅሻለሁ፤ አልክድም። በሦስተኛው ግን ሌላ ነገር ታየኝ። ሙታኑ ለጨዋታ ማሟሟቂያ ሆነዋል። ደግሞስ ቀብር የሚያበቃው አሠልጣኝ ስላወጀ ነው እንዴ? እኛ ዘንድ ሐዘን የራሱ ቀን መቁጠሪያ አለው። ሠልስት አለ፣ አርባ አለ፣ ሰማንያ አለ፣ ሙት ዓመት አለ። ማንም ተነሥቶ «በቃ» አይልም፤ ቀኑ ራሱ ሲደርስ ነው ጥቁሩ የሚወልቀው። የማርሻል ልጆች ሙት ዓመትም የደረሰው እዚያው 1971 ውድድር ማገባደጃ ላይ ነበር። ፊልሙ ግን እስከዚያ አይጠብቅም፤ በሁለተኛው ግጥሚያ ይጨርሰዋል።

ሁለተኛው ግጥሚያ ሴፕቴምበር 25 ቀን ከዛቪየር ጋር የተደረገው ነው። ማርሻል የመጀመሪያውን በሞርሄድ ስቴት 29 ለ 6 ተሸንፎ ነበር የመጣው። ዛቪየር 13 ለ 9 እየመራ የመጨረሻዋ ኳስ ቀረች። ሬጂ ኦሊቨር ለቴሪ ጋርድነር አጭር ኳስ አቀበለው፤ ጋርድነር ሮጦ ገባ፤ 15 ለ 13። ይህን ማንም ደራሲ አልፈጠረውም፤ በእውነት የሆነ ነው። ፊልሙም ይህችን ቅጽበት ጎትቶ፣ አዘግይቶ፣ ከፍ አድርጎ ያሳየናል። ይገባታል።

ግን ስምንት ቅዳሜ ይቀራል! ልነግራችሁ የፈለግኩት የእነሱን ነገር ነው።

ከዚያ ድል ቀጥሎ ማያሚ (የኦሃዮው) 66 ለ 6 ቀጣቸው። ስድሳ ስድስት። እነዚያ ሕፃናት ገና ሳምንት ሁለት ሳምንት በፊት ከተማው በትከሻው የተሸከማቸው ናቸው። ሰኞ ተነሥተው ልምምድ ሄዱ። በዚያ ዘመን ሦስት ዓመት ሙሉ ያልተሸነፈው ቶሊዶም ነጥብ ሳያስቆጥሩ 43 ለ 0 ሸኛቸው። በመካከሉ ደግሞ ቦውሊንግ ግሪንን፣ የቀድሞ ተማሪዎች ወደ ትምህርት ቤቱ በሚመለሱበት በዓል ቀን፣ 12 ለ 10 አሸነፉ። ዘመኑ በ2 ድልና በ8 ሽንፈት ተዘጋ።

እኔ ፊልም ሠሪ ብሆን (አይደለሁም፣ ለመተቸት ግን ማን ከለከለኝ) የምሠራው የቦውሊንግ ግሪኑን ነበር። የዛቪየሩን ድል ተአምር ልትሉት ትችላላችሁ፤ ተአምር ደግሞ ከሰው ብዙ አይጠይቅም። በ66 ለ 6 ከተረገጡ በኋላ፣ ማንም እንባ ይዞ በማይጠብቃቸው ቀን፣ በሁለት ነጥብ ማሸነፍ ግን የልጆቹ የራሳቸው ነው። የሙታኑ አይደለም። ሌንጀል እዚያ አራት ዓመት ቆይቶ 9 ጊዜ አሸንፎ 33 ጊዜ ተሸነፈ። ዳውሰን ያችን አንድ ዓመት ብቻ ረድቶ አሠልጣኝነቱን ተወ። ማርሻል ከሽንፈቱ ድሉ የበለጠበት ዘመን ያየው በ1984 ነው። አሥራ ሦስት ዓመት ሙሉ የከተማው ሰው የሚሸነፍ ቡድን ለማየት ትኬት ገዝቶ ገባ። ፊልሙ ስለ መነሣት ይናገራል፤ የሀንቲንግተን ሰው ግን ወድቆም ቁጭ ብሎ ያያቸው ነበር። ለቅሶ ደራሽ እንዲህ ነው፤ ጨዋታ ስለማረው አይመጣም።

በ2000 የወጣውን «አሽስ ቱ ግሎሪ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልም ያየ ሰው ልዩነቱ ይገባዋል። እዚያ የሚናገሩት ሰዎቹ ራሳቸው ናቸው። ዓመታት ካለፉ በኋላም ዓረፍተ ነገር ጀምረው መጨረስ የሚያቅታቸው አሉ። ማንም ቀብሩ አበቃ አላላቸውም።

የሆሊውዱ ፊልም የሚጀምረው በዩኒቨርሲቲው ግቢ ባለው የመታሰቢያ ፏፏቴ ነው። በየዓመቱ ኖቬምበር 14 ሰው ተሰብስቦ ውሃው ይቆማል። ማክጂ ውሃው የሚቆምባትን ሰከንድ ይወዳታል። እኔ የምወደው ከዚያ በኋላ ያለውን ነው፤ ውሃው በማግሥቱ አይከፈትም፣ ክረምቱን ሁሉ ቆሞ እስከ ጸደይ ይቆያል። ቧንቧው በብርድ እንዳይፈነዳ ነው የሚል ካለም አልከራከረውም።

ፊልሙ አልቆ ስም ዝርዝሩ ሲወርድ እናቴ ስለ ስድስቱ ጠየቀችኝ። ኋላ ስማቸው ተለየ ወይ? አልተለየም አልኳት። የቡድኑ አለቃ የነበረው፣ ጉዳት ላይ ስለነበር ያልተሳፈረው ኔት ረፊን፣ በ2001 ሲሞት ከእነሱ ጋር እዚያው ስፕሪንግ ሂል እንደተቀበረ ነገርኳት። ትንሽ ዝም አለች።

«ቀኑ በእኛ ስንት ነው?»

ቆጠርኩ። ኅዳር 5፣ 1963።

«አቦ ናቸዋ» አለችና ተነሥታ ቡናውን ልትጥድ ሄደች።