ቀለሙ ይሰማል?

አማርኛ «ቀለም» በሚለው አንድ ቃል ብዙ ሥራ ያሠራል። ቀዩም ቢጫውም ቀለም ነው። በጥብጠው ብራና ላይ የሚጽፉበትም ቀለም ነው። ትምህርቱ «የቀለም ትምህርት»፣ ሊቁም «የቀለም ቀንድ» ይባላል። ይበልጥ የሚገርመው ግን ሌላ ነው፤ ግጥም መርማሪዎች በስንኝ ውስጥ የሚቆጥሩትን፣ ጆሮ ብቻ የሚለየውን የድምፅ ክፍልም ቀለም ይሉታል። ዐይንና ጆሮን በአንድ ቃል የሚያገናኝ ቋንቋ ይዘን፣ ስለ አስማታዊ ዓለም ስንጽፍ ሁለቱ የሚተላለፉብን ለምንድን ነው?

ጥያቄውን በሰበታ በኩል እናምጣው። በጅማ መንገድ ላይ ያለችው ሰበታ፣ ከቡራዩና ከሱሉልታ ጋር፣ በ2015 ዓ.ም. በተመሠረተው የሸገር ከተማ ውስጥ ተጠቃልላለች። ስሟ በአገሩ ሁሉ የታወቀው ግን ከዚያ ብዙ ቀደም ብሎ በመርሐ ዕውራን ትምህርት ቤቷ ነው። ማየት የተሳነው ተማሪ የሚያነበው ብሬል ነው፤ ስድስት ነጥቦች እየተፈራረቁ የሚሠሩት፣ በጣት የሚዳሰስ ጽሑፍ። ቀለም ያልነካው የቀለም ትምህርት ማለት ይህ ነው!

እንግዲህ አንድ ደራሲ «ሰማዩ ወይን ጠጅ ሆነ፤ ወርቃማ ብርሃን ፈነጠቀ» ብሎ ሲያልፍ፣ ከተወለደ ጀምሮ ወርቅ አይቶ ለማያውቅ ተማሪ ምን ሰጠው? ይህ የርኅራኄ ጥያቄ እንዳይመስለን፤ የሥነ ጽሑፍ ሚዛን ነው። ማየት ለማይችለው ያልደረሰ ቀለም፣ በእኔ አስተያየት፣ ለሚያየውም አልደረሰም። የሚያየው አንባቢ ቀለሙን ከራሱ ትዝታ አውጥቶ ለደራሲው አበደረው እንጂ ከገጹ አላገኘውም።

ይህን ሚዛን የሚያልፍ ሥራ አለን ወይ? አለን። የቅዱስ ያሬድን ታሪክ፣ የእምነቱን ነገር ለጊዜው ትተን፣ በትረካ አሠራሩ ብቻ እንየው። ሦስት ወፎች ከገነት መጥተው ዜማ ያሰሙታል። በአክሱም፣ በንጉሥ ገብረ መስቀል ፊት ሲያዜም፣ ንጉሡ በተመስጦ ጦሩን በያሬድ እግር ላይ ይተክላል። ደም ይፈሳል። ዜማው እስኪያልቅ ግን ወጊውም ተወጊውም አልታወቃቸውም።

ይህን የሚሥል ሠዓሊ የሚገጥመው ችግር ግልጽ ነው፤ ዜማ አይሣልም። የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊዎች ስለዚህ ጦሩንና ደሙን ሣሉ። በእግሩ ላይ ያለው ቀይ የዜማው ኃይል መለኪያ ሆነ፤ ሕመምን የሚያስረሳ ድምፅ ምን እንደሚያክል በዐይን ታየ። ሥዕሉን የማያይ ሰው ታሪኩን በጆሮው ቢሰማም ዋናው ነገር አያመልጠውም፤ ብረት እግርን ሲወጋ ምን እንደሚያደርግ ያውቃልና። እዚህ ላይ ቀይ ጌጥ ሳይሆን በሰው አካል ላይ የደረሰ ነገር ነው።

ሁለተኛው ምስክር ክታብ ነው። በጥቁርና በቀይ ቀለም ብራና ላይ ይጻፋል፤ ርዝመቱም በባለቤቱ ቁመት መለካቱ የተለመደ ነበር። አፍጥጠው የሚያዩ ዐይኖች ያሉበት ጠልሰም በአንድ ወገን፣ አስማቱ በሌላ ወገን ይሰለፋሉ። «አስማት» በግዕዝ «ስሞች» ማለት ነው፤ አፍ የሚጠራቸው ስሞች። በክታብ የሚያምንም የማያምንም ሰው የድርሰቱን ብልሃት ሊያይ ይችላል፤ ሥዕሉ ቃሉን አይደግምም፣ ቃሉም ሥዕሉን አይተርክም፤ አንዱ ያልቻለውን ሌላው ይሠራል።

እስክንድር ቦጎስያን (1937–2003 እ.ኤ.አ.) ከዚህ ቅርስ መማሩ የታወቀ ነው። በ1964 እ.ኤ.አ. የሠራው «የጁጁ ሠርግ» በኒው ዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ይገኛል። እሱ ጠልሰሙን ወስዶ የራሱን ዓለም ሠራበት። ዐይኖቹን ብቻ ገልብጦ ስሞቹን የረሳ ሥራ ግን የግድግዳ ጌጥ ከመሆን አያልፍም።

በውጪውም ዓለም ፈተናው ያው ነው። ሩሲያዊው ስክሪያቢን «ፕሮሜቴዎስ» ለተባለው ድርሰቱ ብርሃን የሚያፈልቅ ባለቁልፍ መሣሪያ መድቦ ነበር። በ1911 እ.ኤ.አ. ሞስኮ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲቀርብ ብርሃኑ አልነበረም፤ ሙዚቃው ግን ያለሱም ቆመ። ተነቅሎ ሊወጣ የሚችል ቀለም አጃቢ ነው። በ1977 እ.ኤ.አ. በታተመው የቶልኪን «ሲልማሪልዮን» ግን ዓለም ራሷ ከመዝሙር ትወጣለች፤ አንዱ ዘማሪ በትዕቢት ዜማውን ሲያውክ ክፋት አብሮ ይገባል። ከዚያ ድምፁን ብታወጡት የሚቀር ዓለም የለም።

«ማየት የሚፈልገውን ነገር በጆሮ ማድረስ አይቻልም» የሚል ቢኖር፣ ወጋየሁ ንጋቱ የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» በሬዲዮ ሲተርክ የሰማ ሰው ይመልስለት። በዚያ ሰዓት የሚያየውና የማያየው እኩል አድማጭ ነበሩ። መልክም፣ ልብስም፣ መልክዓ ምድርም በአንድ ሰው ጉሮሮ መጡ።

ስለዚህ ለጀማሪ ጸሐፊዎቻችን የማቀርበው ሐሳብ ቀላል ነው። «የሱሉልታ ሜዳ በመስከረም ቢጫ ሆነ» ብሎ መጻፍ ምንም አያስወቅስም፤ ምንም አይሠራምም። ያ ቢጫ ግን ክረምቱ መውጣቱ ነው፤ እግር ስር የነበረው ጭቃ መጠንከሩ፣ ንቡ ወደ አደይ አበባው መመለሱ፣ ልጃገረዶች «አበባየሆሽ» እያሉ ደጅ መቆማቸው ነው። ይህን የጻፈ ሰው «ቢጫ» የሚለውን ቃል ባይጠቅሰው እንኳ ቢጫውን ጽፎታል። አስማት የምንለውም ከዚህ የተለየ አይደለም፤ በማይታወቅ ዓለም ውስጥ ያለ ቀለም አንድን ሰው ካልነካው፣ ካልለወጠው፣ ካላስከፈለው፣ ሰባት ዓይነት ቢሆንም ባዶ ነው። ደራሲው ረቂቁን ወደ ማተሚያ ቤት ከመውሰዱ በፊት ዐይኑን ጨፍኖ ለሚያዳምጥ ሰው ያንብብለት። የሰበታው ተማሪም መጽሐፉን በብሬል ወይም በድምፅ የማግኘት መብቱ ይጠበቅለት፤ ከእሱ የበለጠ ሐያሲ አናገኝምና።