መዳፉን ሳይሆን ክንዱን

እህል በረንዳ በሚባለው የእህል ገበያ ጤፍ የሚለየው በመዳፍ ነው። ደላላው ሹሏን ባለቦይ ብረት ጆንያው ጎን ላይ ይወጋና ይስባታል፤ ይዛ የመጣችውን ጤፍ መዳፉ ላይ ያፈሳል። እፍ ሲል እብቁ ይበናል። በአውራ ጣቱ አሸት አሸት ያደርገዋል፣ ወደ ብርሃን ዘንበል ያደርገዋል፣ ከዚያ አንድ ቃል ይናገራል፦ ማኛ፣ ነጭ፣ ሰርገኛ፣ ቀይ። የኩንታሉ ዋጋ የሚቆመው በዚያች ቃል ላይ ነው።

የእኔም እንጀራ አንዲት ቃል መስጠት ነው። የሕክምና ካርድ አንብቤ ሐኪሙ የጻፈውን ምርመራ ወደ ኮድ እለውጣለሁ። የምንሠራበት መዝገብ ዓለም አቀፉ የበሽታዎች ምደባ ነው፤ አሥረኛው እትም እ.ኤ.አ. በ1990 ጸደቀ፣ አሥራ አንደኛው በ2019። ሰው ደረቅ ሥራ ይመስለዋል። እኔ ግን አንዳንዱን ኮድ ጥሩ ሸማኔ የሠራውን ጥለት በማይበት ዓይን ነው የማየው። ከሁሉ የምወደው በአሥረኛው እትም ያለውን የጡንቻ ኮንትራክቸር ኮድ ነው፤ ጡንቻ አጥሮና ደርቆ አልዘረጋ ሲል የሚሰጠውን።

ኤም 62.4 ይባላል። ኤም የአጥንት፣ የመገጣጠሚያና የጡንቻ ምዕራፍ ናት። 62 ወደ ጡንቻ ሕመሞች ታወርዳለች፣ ከነጥቡ በኋላ ያለችው 4 ደግሞ ማጠሩን ትናገራለች። ከዚያ አምስተኛዋ ምልክት ትመጣለች፤ ያጠረው ጡንቻ የት እንዳለ የምትነግረን እሷ ናት። 3 ክንድ፣ 4 እጅ። አሜሪካኖች በራሳቸው እትም ስድስተኛ ጨምረዋል፦ 1 ቀኝ፣ 2 ግራ፣ 9 ደግሞ የትኛው እጅ እንደሆነ አልተጻፈም ማለት ነው። አንድ ሰው እጁን ይዞ መጥቶ፣ ቀኝ ይሁን ግራ ሳይጻፍለት መሄዱን ሳስብ ያቺ 9 ቅር ትለኛለች።

የአምስተኛዋን ምልክት ክብደት የተረዳሁት ግን ቢሮ ተቀምጬ አይደለም። እህል በረንዳ የጆንያ አፍ የሚሰፉ አንድ አዛውንት አሉ። የግራ እጃቸው ጣቶች ወደ መዳፋቸው ታጥፈው ቀርተዋል። መስፋት እንዴት እንደሚችሉ ግራ ገብቶኝ ቆሜ አየሁ። የእጃቸውን አንጓ ወደ ታች ሲያጥፉት ጣቶቹ በራሳቸው ይከፈታሉ። የጆንያውን ከንፈር መሃላቸው ያስገቡና አንጓቸውን ቀና ያደርጋሉ፤ ጣቶቹ ግጥም ብለው ይይዙታል። በቀኛቸው ረጅሙን መርፌ ከነሲባጎው ያሳልፋሉ። እንደገና አንጓው ይታጠፋል፣ ጣቱ ይከፈታል፣ አንድ ስንዝር ወደፊት ይሄዳሉ። ስፌቱ ከዳር እስከ ዳር እኩል ነው። መጨረሻ ላይ የጆንያውን ጥግ ተሸካሚው እንዲጨብጠው እንደ ጆሮ ጠምዝዘው ያስሩታል።

«አባባ፣ እጅዎን ምን ነካዎት?» አልኳቸው።

«ልጅ ሆኜ ከዛፍ ወድቄ ነው፣ ልጄ። ወጌሻው በቀርከሃ ጥብቅ አድርጎ አሰረኝ። ሦስት ሌሊት ስጮህ አደርኩ። ሲፈታ ጣቴ እንዲህ ሆኖ ቀረ።»

የሃለ ከተማው ጀርመናዊ ቀዶ ሐኪም ሪቻርድ ፎን ፎልክማን እ.ኤ.አ. በ1881 የጻፈው ይህንኑ ነው። ክንድ ሲሰበር ያብጣል፤ ማሰሪያው ከጠበቀ እብጠቱ መውጫ ያጣና የደም መንገዱን ይዘጋል። ደም ያጣ ጡንቻ በሰዓታት ውስጥ ይሞታል፣ በቦታው የሚተካው ጠባሳም ያጥራል። ጣት አጣፊዎቹ ጡንቻዎች ያሉት ክንድ ላይ ነው፤ እጅ ውስጥ የሚገባው ጅማታቸው ብቻ ነው። አንጓው ሲታጠፍ ጅማቱ ስለሚላላ ጣቱ ይከፈታል። የተቆለፈው መገጣጠሚያው ቢሆን፣ ወይም የመዳፉ ሽፋን ቢወፍር ኖሮ፣ አንጓው ቢታጠፍም ጣቱ ንቅንቅ አይልም ነበር።

ስለዚህ የሚታየው ጉዳት እጅ ላይ፣ ጡንቻው ግን ክንድ ላይ ነው። «የታጠፈ ጣት» የሚል ካርድ ያየ ቸኳይ ኮደር 4 ብሎ ያልፋል። የ4 ትክክለኛ ቦታዋ እዚያው እጅ ውስጥ የተሸሸጉት ትንንሾቹ ጡንቻዎች ሲያጥሩ ነው፤ ያን ጊዜ እጁ መልኩ ሌላ ነው፣ ጣቶቹ ከሥራቸው ታጥፈው ጫፋቸው ቀጥ ይላል፣ በርበሬ ቆንጥሮ እንደሚያነሳ እጅ። የአዛውንቱ ግን ከ3ም አልፎ የራሱ ቤት አለው፦ ቲ 79.6፣ የፎልክማን ስም እዚያ ተጽፎ ይገኛል። መገጣጠሚያው ቢሆን ኤም 24.5፣ የመዳፉ ሽፋን ቢሆን ኤም 72.0። እ.ኤ.አ. በ1965 በተመሠረተው አለርት ሆስፒታል ለብዙ ዓመታት የታከሙት በሥጋ ደዌ የታጠፉ ጣቶች ደግሞ ከሩቅ ሲታዩ ከዚህ አይለዩም፤ የእነሱ ግን መነሻው የተጎዳ ነርቭ ነውና ከሥጋ ደዌው ጋር በኤ 30 ወይም በቢ 92 ይመዘገባሉ።

ጥሩ ኮደር ይህን ሁሉ እያወቀ አይገምትም። ላልተጻፈ ኮድ አይሰጥምና ካርዱን ይዞ ወደ ሐኪሙ ይመለሳል፤ «አንጓው ሲታጠፍ ጣቱ ይከፈታል ወይ?» ብሎ ይጠይቃል። ለአንዲት ቁጥር ሲሉ ደረጃ ወጥተው ደረጃ የሚወርዱ የሥራ ባልደረቦች አሉኝ፤ እጅ የምነሳው ለእነሱ ነው።

«ለዚህ እጅ ካርድ አውጥተው ያውቃሉ?» አልኳቸው አዛውንቱን።

«ለዚህ?» አሉና አንጓቸውን አጥፈው ቀጣዩን ጆንያ ያዙ።

ወደ ቤቴ ስሄድ በሐሳቤ ካርድ ከፈትኩላቸው፦ ቲ 79.6፣ ግራ ክንድ፣ ከልጅነት የቆየ።